ምስክሩ ማን ነው? ስለ ጆርጅ ጆንስ አንድ የፍቅር ዘፈን

አክስቴ ከደሴ ለጥየቃ ወደምኖርባት ናሽቪል፣ የአሜሪካ የካንትሪ ሙዚቃ መናኸሪያ ወደ ሆነችው ከተማ፣ መጥተው ሳለ፣ አንድ እሑድ ከቤተ ክርስቲያን ስንመለስ የመኪናው ሬዲዮ የካንትሪ ዘፋኙን የጆርጅ ጆንስን «ሂ ስቶፕድ ላቪንግ ኸር ቱደይ» ማሰማት ጀመረ። «ዛሬ እሷን መውደዱን አቆመ» እንደ ማለት ነው። በዚህ ከተማ ለሚኖር ሰው ነገሩ እንግዳ አይደለምና ጨዋታችንን እንዳያቋርጠን ብዬ ድምፁን ልቀንስ እጄን ስዘረጋ፣ አክስቴ «ተወው፣ ይህ ሰው የሆነ ነገር ደርሶበታል» አሉኝ። እንግሊዝኛ አያውቁም። ስለዚህ ስንኝ በስንኝ እየተከተልሁ እተረጉምላቸው ጀመር።

ሰውየው ለሴትየዋ «እስክሞት እወድሻለሁ» አላት። እሷም ጊዜው ሲደርስ እንደሚረሳት ነገረችው። ዓመታት አለፉ። ፎቶግራፏ ከግድግዳው አልወረደም፤ በ1962 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) የተጻፉ ደብዳቤዎቿም ከአልጋው አጠገብ አልተነሱም፤ «እወድሃለሁ» ያለችበትን ቦታ ሁሉ በቀይ ቀለም አስምሮበታል። እዚህ ላይ አክስቴ ራሳቸውን ነቅነቅ አድርገው «ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም» አሉ። ከዚያ ሙዚቃው ዝቅ አለና ዘፋኙ መዝፈኑን ትቶ መናገር ጀመረ፤ ሴትየዋ ለመጨረሻ ጊዜ ልታየው እንደ መጣች ይናገራል። አክስቴም «አሁን የሚናገረው ማን ነው?» ብለው ጠየቁኝ።

«ዘፋኙ ነዋ» አልኋቸው።

«እሱማ ገባኝ፤ በታሪኩ ውስጥ ማን ነው ማለቴ ነው እንጂ። የሞተ ሰው አይናገርም። ሴትየዋም አይደለችም። ታዲያ ደብዳቤው በቀይ መሰመሩን ያየ፣ አልጋው አጠገብ የደረሰ፣ ይህን ሁሉ የሚያወራ ማን ነው?»

በካሴት ዘመን አዲስ አበባ ላደግን ለእኛ ካንትሪ ማለት ኬኒ ሮጀርስ፣ ዶሊ ፓርተንና ዶን ዊሊያምስ ነበሩ። ጆንስን በደንብ የሰማሁት ናሽቪል ከገባሁ በኋላ ሲሆን፣ ይህን ዘፈን ስሰማም ሆነ ሰዎች ስለ እሱ ሲከራከሩ ስከታተል ይህ ጥያቄ ተነሥቶ አላውቅም። ሁሉም የሚያወራው ስለ አፍቃሪው ነው፤ ስለ ተናጋሪው የሚያወራ የለም። አክስቴ ወደ ደሴ ከተመለሱ በኋላም ጥያቄያቸው ከእኔ ጋር ቀረ፤ ዘፈኑንም ሆነ ሕዝቡ እንዴት እንደተቀበለው የሚናገረውን ታሪክ እንደ አዲስ እንድመለከት ያስገደደኝ እሱ ነው።

ዘፋኙ ያላመነበት ሥራ

የዘፈኑ ደራሲያን ቦቢ ብራዶክና ከርሊ ፑትማን ናቸው። ፕሮዲዩሰሩ ቢሊ ሸሪል የመጀመሪያውን ጽሑፍ ሲመለከት ሐሳቡ ቢማርከውም አልጠገበም፤ ሴትየዋ መመለስ አለባት፣ ለቀብሩ መድረስ አለባት ብሎ ጸና። ሁለቱም ደጋግመው ጻፉት። በመጨረሻ ሴትየዋ የመጣችው በዜማ ሳይሆን አክስቴን ባስጠየቃቸው በዚያ በንግግር በሚባለው ክፍል ነው። ሸሪል ያንን ባይጠይቅ ኖሮ አንድ የሞተ አፍቃሪና አንድ ጥሩ ማሰሪያ ያለው መልካም ዘፈን ይኖረን ነበር እንጂ ዛሬ የምናውቀው ዘፈን አይኖረንም ብዬ አምናለሁ።

ጆንስ በበኩሉ ዘፈኑን አልወደደውም። በጣም የጨለመ ነው፣ ማንም አይገዛውም ብሎ ተከራከረ። የነበረበትን ሁኔታ ለሚያውቅ ሰው ይህ አያስገርምም። በ1970ዎቹ መጨረሻ መጠጥና ኮኬይን አድክመውት፣ ከስሮ፣ ሰው ትኬት ቆርጦ የሚጠብቅበት መድረክ ላይ ባለመገኘቱ «የማይመጣው ጆንስ» የሚል ቅጽል የወጣለት ሰው ሆኖ ነበር፤ በ1979 መገባደጃም አላባማ ውስጥ ሆስፒታል ገብቷል። ሞት ደጁ የቆመበት ሰው ስለ ሞተ ሰው መዝፈን ቢከብደው አልፈርድበትም።

የቀረጻው ታሪክም በዚያው ልክ አድካሚ ነው። ዜማው አልያዝለት እያለ ጆንስ ደጋግሞ ወደ ሌላ ዘፈን፣ ወደ ክሪስ ክሪስቶፈርሰን «ሄልፕ ሚ ሜክ ኢት ስሩ ዘ ናይት» ይንሸራተትበት ነበር። ከሁሉ ያስቸገረው ግን ንግግሩ ነበር። ጆንስ ጠጥቶም ቢሆን ሲዘፍን ቃሉ ጥርት ብሎ ይወጣለት ነበር፤ ሲናገር ግን ምላሱ ይተሳሰራል። ሸሪል በኋላ እንደተናገረው የመጀመሪያው ስንኝ ከተቀረጸ በኋላ ንግግሩ እስኪቀረጽ ድረስ አንድ ዓመት ተኩል ያህል አልፏል። ይህን ካነበብሁ በኋላ ያንን ክፍል በሌላ ጆሮ እሰማዋለሁ። ያለ ዜማ፣ ያለ ማስዋቢያ፣ በራሱ ተራ ድምፅ መቆም ያቃተው ሰው በመጨረሻ ቆሞ የተናገራቸው ጥቂት መስመሮች ናቸው።

ዘፈኑ በሚያዝያ 1980 ወጣ፤ በሐምሌም በቢልቦርድ የካንትሪ ሰንጠረዥ አንደኛ ሆነ። ጆንስ ለብቻው በዘፈነው ዘፈን ከ1975 መጀመሪያ ወዲህ አንደኛ ወጥቶ አያውቅም ነበር። በአንደኝነቱ ላይ የቆየው ለአንድ ሳምንት ብቻ ነው፤ ይህንን ቁጥር ብቻ የሚያይ ሰው እንደ ማንኛውም የዓመቱ ተወዳጅ ዘፈን ሊቆጥረው ይችላል። ሆኖም የካንትሪ ሙዚቃ ማኅበር የዓመቱ ዘፈን ብሎ የመረጠው በ1980 ብቻ ሳይሆን በ1981ም ጭምር ነበር፤ ጆንስም ግራሚ ተሸለመበት። በ2008 በአሜሪካ ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ብሔራዊ የድምፅ ቅርሶች መዝገብ ውስጥ ተካተተ። የካንትሪ አድማጮች የምንጊዜውም ምርጥ ዘፈን የቱ ነው ሲባሉ ደጋግመው ከላይ የሚያስቀምጡት እሱን ነው። ጆንስ ራሱ በ1996 ባሳተመው የሕይወት ታሪኩ የአራት አሥርት ዓመታት ሥራውን ያተረፈለት የሦስት ደቂቃ ዘፈን መሆኑን መስክሯል።

ወቅቱ ደግሞ ለእንዲህ ያለ ዘፈን የሚመች አልነበረም። ያ በጋ «ኧርባን ካውቦይ» የተሰኘው ፊልም የወጣበት፣ ካንትሪ ባርኔጣና ቦቲ አድርጎ ወደ ከተማ ዳንስ ቤቶች የገባበት፣ ድምፁም ወደ ፖፕ የለሰለሰበት ጊዜ ነው። በዚያ መካከል በር ላይ ስለ ተሰቀለ የሐዘን አክሊልና ስለሚወጣ አስከሬን የሚናገር ዘፈን ሬዲዮውን ሁሉ አዳረሰ። ለምን? ለዚህ ጥያቄ ብዙ ሰው የሚሰጠው መልስ የጆንስ ድምፅ ነው፤ እኔም ድምፁን አላሳንስም። ነገር ግን ያ ድምፅ ከዚያ በፊትም ከዚያ በኋላም ብዙ ያዘኑ ዘፈኖችን ዘፍኗል።

ዘግይቶ የሚመጣ ሞት

ዘፈኑን ለመጀመሪያ ጊዜ የሚሰማ ሰው ሰውየው መሞቱን ወዲያው አያውቅም። ተናጋሪው «ዛሬ ላየው ሄጄ ነበር» ይላል፤ እንባ አላየበትም፤ ወደ አንድ ቦታ እንደሚሄድ ሰው አምሮበት ለብሷል፤ ከስንት ዓመት በኋላ ፈገግ ብሎ አገኘው። አድማጭ እዚህ ላይ እፎይ ይላል። በቃ፣ ሰውየው ድኗል፣ ምናልባትም ሌላ አግኝቷል። ቀጥሎም አዝማቹ «ዛሬ እሷን መውደዱን አቆመ» ይልና ወዲያው በሩ ላይ አክሊል ይሰቅላል። ያ ልብስ የመገነዣ ልብስ፣ ያ ፈገግታም የሬሳ ፊት ነበር ማለት ነው።

ቅኔ ለሚያውቅ አድማጭ ይህ አሠራር ባዕድ አይሆንበትም፤ ሰሙ ዳነ፣ ወርቁ ሞተ። ልዩነቱ ግን እዚህ ወርቁን ፈልጎ ማግኘት የአድማጩ ድካም አይደለም፤ ዘፈኑ ራሱ አምጥቶ እፊቱ ይጥልበታል። ከርሊ ፑትማን ይህንን ስልት ቀድሞም ያውቅበት ነበር። በጻፈውና በ1965 በተቀረጸው «ግሪን ግሪን ግራስ ኦቭ ሆም» አንድ ሰው ወደ ትውልድ መንደሩ ሲመለስ፣ እናትና አባቱ ሲቀበሉት፣ የሚወዳት ልጅ ስትሮጥ እናያለን፤ መጨረሻ ላይ ግን ሰውየው የሞት ፍርዱን ጠዋት በእስር ቤት የሚጠብቅ፣ ያንን ሁሉ በሕልሙ ያየ ሰው ሆኖ ይገኛል። በዚያኛው ዘፈን ግን የሚናገረው ራሱ ሟቹ ነው። በ1980ው ዘፈን ውስጥ የተጨመረው ሦስተኛ ሰው ነው፤ ትልቁ ለውጥም እሱ ይመስለኛል።

አክስቴ የጠየቁት ስለዚህ ሰው ነው። ዘፈኑ ስም አልሰጠውም፤ ጓደኛ ይሁን ወንድም ወይም ጎረቤት አይገልጽም። የሟቹን መኝታ ክፍል የሚያውቅ፣ ሴትየዋ «ትረሳኛለህ» ማለቷን የሚያውቅ፣ ሬሳውን ሊያይ የሄደ ሰው ነው። እኛ ዘንድ ለቅሶ ቤት ተቀምጠው «እንዲህ ነበር፣ እንዲህ አደረገ» የሚሉት፣ አልቃሿም ግጥሟን የምታወጣበትን ነገር የሚያቀብሏት እንደዚህ ያሉ ሰዎች ናቸው። አክስቴ ብዙ ለቅሶ ያዩ ሰው ስለሆኑ ጆሯቸው ወዲያው ወደ እሱ ሄደ።

ይህን ካስተዋልሁ ወዲህ የፍቅር ዘፈኖችን ሁሉ በሁለት እየከፈልሁ እሰማቸዋለሁ። አብዛኞቹ ተስፋ መስጠት ናቸው፤ «እኔ እወድሻለሁ፣ አልተውሽም፣ እስከ መቃብር» ይላሉ። የምናምናቸው ማመን ስለምንፈልግ ነው፤ ቃሉን የሚሰጠው ሰው ገና ወጣት ነው፣ ገና አልተፈተነም። በዚህ ዘፈን ውስጥም «እስክሞት እወድሻለሁ» የሚለው ቃል በመጀመሪያው መስመር ላይ አለ፤ ሴትየዋም እንደ ማንኛውም አስተዋይ ሰው አላመነችውም። የቀረው ዘፈን በሙሉ የዚያ ቃል ማስረጃ ነው፤ ማስረጃውን የሚያቀርበውም ባለጉዳዩ አይደለም። ከነገሩ ምንም የማይጠቀም ሌላ ሰው፣ ጉዳዩ ከተዘጋ በኋላ፣ ያየውን ይናገራል። ሰዉ ይህን ዘፈን እንደ ሌሎቹ ሳይሆን እንደ እውነት የተቀበለው በዚህ ምክንያት ነው ብዬ አምናለሁ። ስለ ራሱ ፍቅር የሚምል ሰው ሁልጊዜ ይጠረጠራል፤ ስለ ሟች ወዳጁ የሚመሰክር ሰው ግን በምን ይጠረጠራል?

የጆንስ አዘፋፈንም በዚህ ዓይን ሲታይ ሌላ ይሆናል። በመጀመሪያዎቹ ስንኞች ድምፁ ዝቅ ያለ፣ ቁጥብ፣ የሚያወራ ያህል ነው። ወዳጅ ከቤተሰቡ በላይ አይጮኽም። አዝማቹ ሲደርስ የሸሪል ቫዮሊኖች ከፍ ይላሉ፣ እሱም አብሯቸው ይወጣል፤ ቢሆንም አይንሰቀሰቅም። «ከልብ ካለቀሱ እንባ አይገድም» ይባላል፤ ይህ ሰው ግን እንባው ሳይገደው የሚገታ፣ ሌሎቹ እስኪያለቅሱ ቆሞ የሚጠብቅ ሰው ነው።

ምስክሩን ያወጡት አድማጮች

እዚህ ላይ የሚያሳዝነኝን ነገር መናገር አለብኝ። የዘፈኑ አቀባበል ታሪክ፣ በአብዛኛው፣ ይህን ምስክር ከዘፈኑ ውስጥ አውጥቶ ጆንስን በሟቹ ቦታ ያስቀመጠበት ታሪክ ነው።

ምክንያቱ ግልጽ ነው። ጆንስ ከካንትሪ ዘፋኟ ከታሚ ዋይኔት ጋር በ1969 ተጋብቶ በ1975 ተፋታ። ትዳራቸው ከነጠቡ ሁሉ በአደባባይ የታየ ትዳር ነበር፤ ከተፋቱ በኋላም በ1976 «ጎልደን ሪንግ» የተባለውን ዘፈን አብረው ዘፍነው አንደኛ አውጥተውታል። ሰዉ በ1980 «ዛሬ እሷን መውደዱን አቆመ» ሲባል ሲሰማ «እሷ» ማን እንደሆነች ለመጠየቅ አልቸገረውም። የሚገርመው ደግሞ በ1968 ለታሚ ስለ ፍቺ የሚናገረውን ዝነኛ ዘፈኗን የጻፉላት እነዚሁ ብራዶክና ፑትማን፣ ፕሮዲዩሰሩም ይኸው ሸሪል መሆናቸው ነው። ገመዱ በሁሉም አቅጣጫ የተሳሰረ ስለሆነ አድማጭ እንዲህ ቢያስብ አይፈረድበትም።

ሕይወት ግን ከዘፈኑ ጋር አልተስማማችም። ጆንስ በ1983 ናንሲን አገባ፤ ከዚያ ሱስ እንዲወጣ ያገዘችው እሷ እንደሆነች እስከ መጨረሻው ሲናገር ኖሯል፤ እስኪሞትም ድረስ አብረው ኖሩ። ታሚ በ1998 ስትሞት እሱ ከእሷ በኋላ አሥራ አምስት ዓመት ኖሯል። ፍቅሩን ተሸክሞ ቀድሞ የሞተ ወንድ፣ ለቀብሩ የመጣች ሴት፣ በእውነተኛው ታሪክ ውስጥ የሉም። በ1980 ሊሞት ነው ተብሎ ይጠበቅ የነበረው ሰው ዳነ፣ ወደደ፣ አረጀ። ለእኔ ይህ ከዘፈኑ ያልተናነሰ የፍቅር ታሪክ ነው፤ ሰዉ ግን ከሠላሳ ዓመት ትዳር ይልቅ ስድስት ዓመት የቆየውን ይዘፍናል።

ጆንስ ሚያዝያ 26 ቀን 2013 በሰማንያ አንድ ዓመቱ ዐረፈ። ግንቦት 2 ቀን በዝነኛው የካንትሪ መድረክ በግራንድ ኦል ኦፕሪ አዳራሽ በተደረገው የቀብር ሥነ ሥርዓት ላይ ይህን ዘፈን የዘፈነው የካንትሪ ዘፋኙ አለን ጃክሰን ነው፤ ሲጨርስም ባርኔጣውን አወለቀ። የዚያን ቀን ምስል ብዙ ጊዜ አይቼዋለሁ። ብዙ ጸሐፊዎች ዘፈኑ በመጨረሻ ባለቤቱን አገኘ፣ ጆንስ ራሱ የዘፈኑ ሟች ሆነ ብለው ጽፈዋል። እኔ የማየው ሌላ ነው። ለሠላሳ ሦስት ዓመት ያህል ስም ያልተሰጠው ሰው ቦታ ላይ፣ በምስክሩ ቦታ፣ ቆሞ የነበረው ጆንስ ነበር፤ በዚያ ቀን ያ ቦታ ለአንድ ወዳጁ ተላለፈ። አለን ጃክሰን ስለ ራሱ ፍቅር አልዘፈነም፤ አስከሬኑ ፊት ቆሞ ስለ ሌላ ሰው ተናገረ። ዘፈኑ ሲጻፍ ጀምሮ የሚጠይቀው ይህንኑ ነው።

ያልተናገረችው

ዘፈኑን የሚነቅፉ ሰዎችም አሉ፤ ነቀፋቸው ችላ ሊባል አይገባውም። ትታው የሄደችን ሴት እስከ ዕለተ ሞቱ የሚጠብቅ፣ በደብዳቤዋ ላይ በቀይ የሚያሰምር ሰው አፍቃሪ ሳይሆን ሕመምተኛ ነው ይላሉ። አክስቴም ተረታቸውን የተረቱት አመስግነውት አልነበረም። ምስክሩም ቢሆን ሟቹን አላወደሰውም። በንግግሩ መጨረሻ ላይ «አሁንስ ለሁልጊዜው ተላቀቃት» የሚል ዓይነት ነገር ሲናገር ድምፁ ውስጥ ድካም አለ፤ ወዳጁ ሲጠፋ ዓመታት ቆሞ ያየ ሰው ድካም። ዘፈኑ ይህን ፍቅር ውደዱት አይልም፤ ነበረ ብቻ ይላል። በሰርግ ላይ እንደ ቃል ኪዳን የሚያስዘፍኑት ሰዎች ይህንን ቢያስተውሉት ደስ ይለኝ ነበር።

ከሁሉ በላይ የምከራከርበት ግን ሴትየዋን ነው። በንግግሩ ክፍል ከጀርባ አንድ ከፍ ያለ የሴት ድምፅ ይሰማል፤ የአጃቢ ድምፃዊቷ የሚሊ ከርካም ድምፅ ነው፤ ቃል የለውም፣ ዜማ ብቻ ነው። ሸሪል ሴትየዋ ትምጣ አለ፣ ደራሲያኑ አመጧት፣ ከርካምም ድምፅ ሆነቻት፤ የምትናገረውን ግን ማንም አልጻፈላትም። ለምን መጣች? ተጸጽታ ነው? የሰው ወሬ ፈርታ ነው? ወይስ ጊዜ ይፈውስሃል ያለችው ቃል ሐሰት ሆኖባት የራሷን ትንቢት ልትቀብር? ምስክሩ የሚያውቀው መምጣቷን ብቻ ነው፤ ሁላችንም ትመጣ ይሆን እያልን ነበር ብሎ ያልፋታል። ያየውን ብቻ መናገሩን ስላከበርሁለት ይህንንም ጉድለት አልከስበትም። ቢሆንም እንደ አድማጭ፣ አርባ ምናምን ዓመት ስለ እሱ ታማኝነት ሲከራከር የኖረው ሕዝብ ስለ እሷ ይህን ያህል ጥቂት መጠየቁ ትክክል አይመስለኝም። በ1962 «እወድሃለሁ» ብላ የጻፈችው እሷ ናት፤ እሱ ያሰመረው የእሷን ቃል ነው።